ስሙ ሲጠራ «አቤት» የማይል ገዳይ፦ «ሃሎዊን» የተባለው ፊልም ከፉከራና ከአውጫጭኝ ባህል አንጻር ሲታይ

1. መግቢያ

አስፈሪ ፊልም በሥነ ጽሑፍ ጥናት መስክ ክብር ተሰጥቶት የሚነሳ ዘርፍ አይደለም። በተለይም ጭምብል የለበሰ አንድ ሰው ወጣቶችን አንድ በአንድ እያደነ በስለት ሲገድል የሚያሳየው ንኡስ ዘርፍ ጭብጥ የሌለው፣ ለገበያ ተብሎ በርካሽ የሚሠራ፣ ደም የሚያፈስ እንጂ ሐሳብ የማያፈልቅ ተደርጎ ይቆጠራል። ይህ ፍርድ በዘርፉ ከተሠሩት ፊልሞች በአብዛኞቹ ላይ ቢሰጥ ስሕተት የለበትም። ሆኖም አንድ የኪነ ጥበብ ዘርፍ የሚመዘነው ተከታዮቹ ባባዙት ብቻ ሳይሆን መንገዱን በቀደደው ሥራም ነው። ጆን ካርፔንተር አዘጋጅቶት እ.ኤ.አ. በ1978 ለሕዝብ የቀረበው «ሃሎዊን» ከእነዚህ መንገድ ቀዳጆች አንዱ ነው።

የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ፊልሙን ከአማርኛ ሥነ ቃልና ከሰሜን ሸዋ ደገኛ ማኅበረሰብ የፍትሕ ልማድ አንጻር መመርመር ነው። «አንድ የአሜሪካ ፊልም ከመንዝ፣ ከግሼና ከመርሐቤቴ ጋር ምን አገናኘው?» የሚል አንባቢ አይጠፋም። ጥያቄው ተገቢ ነው። መልሱም የሚገኘው «ገዳይ» ከሚለው ቃል ነው። ቃሉ ለፊልሙ ባለቤቶች አንድ ትርጉም ብቻ አለው። ለአማርኛ ተናጋሪ፣ ይልቁንም ቀረርቶና ፉከራ እየሰማ ላደገ ሰው፣ ቢያንስ ሁለት ትርጉም አለው፤ ሁለቱም በየፊናቸው ይቃረናሉ። በመንዝ ቀያ ገብርኤል ወረዳ ባለችው በዘመሮ የሚኖር ሰው ይህን ፊልም ቢያይ የሚፈራው አሜሪካዊው ተመልካች የፈራውን ነው ወይስ ሌላ ነገር? የጽሑፉ መነሻ ይህ ጥያቄ ነው።

2. ፊልሙና አሠራሩ

ታሪኩ አጭር ነው። እ.ኤ.አ. በ1963 በሃሎዊን ሌሊት ማይክል ማየርስ የሚባል የስድስት ዓመት ልጅ ታላቅ እኅቱን በወጥ ቤት ቢላዋ ወግቶ ይገድላል። ለ15 ዓመታት በአእምሮ ሕሙማን ሆስፒታል ከቆየ በኋላ አምልጦ፣ ሃዶንፊልድ ወደተባለችው የትውልድ ከተማው ይመለሳል። የሥራ ልብስና ነጭ ጭምብል ለብሶ ሎሪ ስትሮድ የተባለችውን ተማሪና ጓደኞቿን ቀኑን ሙሉ ሲከታተል ውሎ፣ ሲመሽ መግደል ይጀምራል። ሐኪሙ ዶክተር ሉሚስ ይፈልገዋል። በመጨረሻ ሐኪሙ ስድስት ጥይት ተኩሶበት ገዳዩ ከሰገነት ይወድቃል፤ ነገር ግን ወደ ታች ሲመለከቱ የወደቀበት ቦታ ባዶ ነው።

ሃሎዊን በምዕራቡ ዓለም በኦክቶበር 31፣ በቅዱሳን ሁሉ በዓል ዋዜማ፣ የሚከበር ልማድ ነው። ልጆች ጭምብል አጥልቀው ከቤት ቤት እየዞሩ ጣፋጭ ይለምናሉ። ለእኛ የሚቀርበው የቡሄ ልማድ ነው። ልዩነቱ ግን ልብ ሊባል ይገባል። የቡሄ ልጆች የሚመጡት ፊታቸውን ገልጠው ነው፤ የቤቱን ጌታና እመቤት በስም እየጠሩ ያወድሳሉ፤ ሙልሙሉን ተቀብለው መርቀው ይሄዳሉ። በሃሎዊን ግን እንግዳው ማን እንደሆነ አለመታወቁ ራሱ ጨዋታ ነው። ካርፔንተር የተጠቀመበት ይህን ነው። በዚያች ሌሊት ጭምብል የለበሰ ሰው ደጅ ላይ ቢቆም የሚደነግጥ የለም።

ፊልሙ የተሠራው 300,000 ዶላር ገደማ በሆነ ወጪና ሦስት ሳምንት ያህል በፈጀ ቀረጻ ነው። ታሪኩ በኢሊኖይ ግዛት በበልግ ወራት ይፈጸማል ቢባልም፣ የተቀረጸው በካሊፎርኒያ በጸደይ ነው። የደረቁ ለማስመሰል ቅጠሎች ቀለም ተቀብተው በየመንገዱ ይበተኑ ነበር፤ ሲጨርሱም ለቀጣዩ ትዕይንት ተመልሰው ይሰበሰቡ ነበር። የገዳዩ ጭምብል በሁለት ዶላር ገደማ የተገዛ፣ «ስታር ትሬክ» በተባለው የቴሌቪዥን ድራማ የሚታወቀውን የተዋናይ ዊሊያም ሻትነርን ፊት የሚመስል መጫወቻ ነበር። ፀጉሩ ተለውጦ፣ የዓይኑ ቀዳዳ ሰፍቶ፣ ነጭ ቀለም ተረጨበት። ካርፔንተር ሙዚቃውንም የሠራው ራሱ ነው፤ በአምስት ምት እየተደጋገመ የሚሄድ፣ የሚያርፍበት የሌለው የፒያኖ ዜማ። ገቢው ከ60 ሚሊዮን ዶላር በላይ ሆነ።

ገንዘቡን ያቀረበው ሙስጠፋ አቃድ ትውልዱ ሶርያዊ ነው። ከዚህ ፊልም ሁለት ዓመት ቀደም ብሎ ስለ እስልምና አጀማመር የሚተርከውን «መልእክቱ» የተባለውን ታላቅ ፊልም ያዘጋጀው እሱ ነው። በዚያ ፊልም ውስጥ የተሰደዱት የነቢዩ ተከታዮች በሐበሻው ንጉሥ አደባባይ ቆመው ጉዳያቸውን ሲያስረዱ ይታያል። ስደተኛን ሰምቶ በሩን የከፈተ ንጉሥ ያሳየ ሰው፣ በሩን ስለዘጋ ጎረቤት ለሚተርክ ፊልም ገንዘብ ማውጣቱ ግጥምጥሞሽ ቢሆንም የሚያስገርም ነው። ወደዚህ በር በክፍል 5 እንመለሳለን።

3. «ገዳይ» እና «ነፍሰ ገዳይ»

በአማርኛ «ገዳይ» ያለ ቅጽል ሲነገር ማሞገሻ ሊሆን ይችላል። አንበሳ የገደለ፣ ዝሆን የጣለ፣ በጦር ሜዳ ጠላት የዘረረ ሰው ገዳይ ይባላል፤ ጎፈር ይደፋል፤ ሴቶች እልል ይሉለታል። «ነፍሰ ገዳይ» ሲባል ግን ሰውየው ከጀግንነት ወጥቶ ከወንጀል ይገባል። ድርጊቱ ያው መግደል ሆኖ ሳለ «ነፍስ» የምትለዋ ቃል መጨመሯ ፍርዱን ትገለብጠዋለች። ቋንቋችን ሁለቱን የሚለይበት መስፈርት ምንድን ነው?

አንዱ መስፈርት ተገዳዩ ማን ነው የሚለው እንደሆነ ግልጽ ነው። ሌላው ብዙ ያልተነገረለት ግን ገዳዩ ራሱን እንዴት ያቀርባል የሚለው ነው። ፎካሪ «ዘራፍ» ብሎ ሲነሳ በመጀመሪያ የሚያደርገው ራሱን ማሳወቅ ነው። የማን ልጅ እንደሆነ፣ አገሩ የት እንደሆነ፣ የፈረሱ ስም ማን እንደሆነ ይናገራል። አፄ ቴዎድሮስ «አባ ታጠቅ»፣ አፄ ምኒልክ «አባ ዳኘው» የተባሉት በዚሁ ልማድ ነው። ከዚያ የት እንደገደለ፣ ማንን እንደገደለ፣ ማን እንዳየው ይዘረዝራል። የሚፎክረው በባልንጀሮቹና በአለቃው ፊት ነው፤ ከዋሸ የሚያጋልጠው ሰው እዚያው አለ። ስለዚህ ፉከራ የጉራ ግጥም ብቻ ሳይሆን የምስክርነት ቃልም ነው። ገዳዩ ሥራውን በስሙ ይፈርማል።

መንዝን ዋና የመስክ ጥናት ሥፍራው አድርጎ «ሰምና ወርቅ» የተሰኘውን መጽሐፍ እ.ኤ.አ. በ1965 ያሳተመው ዶናልድ ሌቪን፣ በአማራው ማኅበረሰብ ውስጥ «ወንድነት» የሚለው ጽንሰ ሐሳብ ከጦረኝነት ጋር ምን ያህል እንደተቆራኘ አሳይቷል። ከዚህ ላይ መጨመር የሚቻለው፣ ይህ ወንድነት ታዳሚ የሚፈልግ መሆኑን ነው። ያለ ሰሚ ፉከራ የለም፤ ያለ ፉከራም «ገዳይ» የሚለው ማዕረግ አይጸናም።

በዚህ መስፈርት ሲለካ የ«ሃሎዊን» ገዳይ ከአንዱም ከሌላውም አይገጥምም። ጀግና አይደለም፤ የገደለው ያልታጠቁ ወጣቶችን ነው። ተራ ነፍሰ ገዳይም አይደለም፤ የሚሰርቀው ገንዘብ፣ የሚበቀለው ደም፣ የሚሸሽገው ምስጢር የለውም። ከሁሉም በላይ ደግሞ ካደገ በኋላ በፊልሙ ውስጥ አንድ ቃል አይተነፍስም። የሚሰማው ከጭምብሉ ሥር የሚወጣው ትንፋሹ ብቻ ነው። ለፉከራ ጆሮ ይህ ዝምታ እንግዳ ነው፤ ገድሎ ዝም ያለ ሰው ይሉኝታም ጉራም የሌለው ነውና።

4. ጭምብሉና ስሙ

ስለ ፊልሙ የጻፉ አብዛኞቹ ሃያስያን የሚያተኩሩት በመክፈቻው ትዕይንት የካሜራ አንጻር ላይ ነው። እዚያ ላይ የምናየው በገዳዩ ዓይን ነው። ካሜራው ቤቱን በውጭ ይዞራል፤ በመስኮት ያያል፤ በወጥ ቤት ገብቶ ቢላዋ ያነሳል፤ ደረጃ ይወጣል። አንዲት እጅ ጭምብል ስታነሳ ከዚያ በኋላ ያለውን በጭምብሉ ሁለት የዓይን ቀዳዳዎች በኩል እናያለን። ተመልካቹ ሳይወድ በገዳዩ ቦታ ቆሟል የሚለው ትንተና ትክክል ነው።

ነገር ግን ከግድያው ቀጥሎ የሚመጣው ቅጽበት የዚያን ያህል አልተተኮረበትም። ልጁ ከቤት ሲወጣ ወላጆቹ ከመኪና ይወርዳሉ። አባት ጭምብሉን ከፊቱ ያነሳና ስሙን ይጠራዋል። ካሜራው አሁን ከልጁ ፊት ለፊት ነው፤ ቢላዋ የያዘ፣ ፊቱ ምንም የማይናገር ሕፃን እናያለን። ልጁ አይመልስም። ካሜራው ቀስ እያለ ወደ ላይ ይርቃል፤ አባትና እናትም እንደ ሐውልት ይቆማሉ።

ለአማርኛ ተናጋሪ ተመልካች የዚህ ቅጽበት ክብደት ልዩ ነው። በቤታችን ሥርዓት ልጅ ገና አፍ ሲፈታ ከሚማራቸው ነገሮች አንዱ ሲጠሩት «አቤት» ማለት ነው። «አቤት» መልስ ብቻ አይደለም። «እዚህ ነኝ፣ የእናንተ ነኝ፣ ታዘዘኝ» የሚሉትን በአንድ ቃል ይጠቀልላል። «አቤት ባይ» የሌለው ቤት የፈረሰ ቤት ነው። «አቤቱታ» የሚለው የፍርድ ቤት ቃልም ከዚሁ ይወለዳል። ስለዚህ ስሙ በአባቱ አፍ ተጠርቶ «አቤት» ያላለ ልጅ ያጠፋው ነፍስ ብቻ አይደለም፤ ከቤተሰብም ከዳኝነትም ክልል ወጥቷል። ይህ ገዳይ ስም አጥቶ አይደለም፤ ስም አለው። አስፈሪው ነገር በስሙ አለመገኘቱ ነው።

ካርፔንተር ይህን ሐሳብ እስከ መጨረሻው ይዞታል። በፊልሙ ማብቂያ ላይ ሎሪ ስትታገለው ጭምብሉ ለጥቂት ሰከንዶች ይወልቃል። የምናየው የአንድ ተራ ወጣት ፊት ነው። ጭራቅ የጠበቀ ተመልካች ምንም አያገኝም። ገዳዩም ለመግደል ከመቸኮል ይልቅ ጭምብሉን መልሶ ለማጥለቅ ይቸኩላል። ዝግጅቱን ስናይ ደግሞ፣ ኒክ ካስል በጭምብል የተወነው ገጸ ባሕርይ በተዋንያኑ ዝርዝር ላይ የተመዘገበው በስሙ ሳይሆን «ቅርጹ» ተብሎ ነው። ሰው ሆኖ የተወለደ ቅርጽ ሆኖ ቀረ።

እዚህ ላይ የዶክተር ሉሚስ ሚና አዲስ ትርጉም ያገኛል። ብዙዎች ይህ ሐኪም ብዙ ያወራል፣ ንግግሩም የተጋነነ ነው ብለው ይነቅፉታል። እውነት ነው፤ ከፖሊሱም ከነርሷም ጋር ሲገናኝ የሚናገረው ስለ ገዳዩ ክፋት ነው። ሆኖም ገዳዩ የማይፎክር ከሆነ ሌላ ሰው ሊፎክርለት ግድ ነው። ሉሚስ እያወገዘ የሚያሞግስ አዝማሪ ነው። እሱ ባይናገር ማየርስ ከሆስፒታል የጠፋ አንድ ሕመምተኛ ብቻ ሆኖ ይቀር ነበር፤ ግርማውን የሚያለብሰው የሐኪሙ ቃል ነው። ከፉከራ የምንማረው ነገር እዚህ ይሠራል፤ ገዳይን ታላቅ የሚያደርገው የገደለው ቁጥር ብቻ ሳይሆን የሚነገርለት ንግግር ነው።

5. እሪታውና በሩ

ከፊልሙ ትዕይንቶች ሁሉ የዚህ ጽሑፍ ማእከል የሆነው እነሆ። ሎሪ ጓደኞቿ የተገደሉበትን ቤት ለቃ እየጮኸች ትወጣለች። ወደ ጎረቤት ቤት ሮጣ በሩን ትደበድባለች። የበረንዳው መብራት ይበራል። በመስኮቱ መጋረጃ በኩል ሰው ያያታል። ከዚያ መብራቱ ይጠፋል።

ትዕይንቱ የሚቆየው ጥቂት ሰከንዶች ነው። ደም የለበትም፤ ገዳዩም ገና ከኋላ ነው። ነገር ግን በፊልሙ ውስጥ ከዚህ የበለጠ የሚያስፈራ ነገር የለም። የሃዶንፊልድ ቤቶች ጎን ለጎን የተደረደሩ ናቸው፤ እያንዳንዱ ስልክ አለው፤ እያንዳንዱ መብራት አለው። የመንዝ ቤቶች ግን በየኮረብታው ጫፍ የተራራቁ፣ ከብርዱ ለመሸሸግ በድንጋይ የተካቡ ናቸው። ሆኖም በደገኛው አገር እሪታ ከጋራ ጋራ ይሻገራል። እሪታ የሰማ ሰው ባናውን ጥሎ፣ ዱላውን ይዞ መውጣት አለበት፤ እሪታ ሰምቶ የተኛ ሰው በማኅበርም በለቅሶም ቦታ ቀና ብሎ አይቀመጥም። ይህን ስንል የአገራችን ጎረቤት ሁልጊዜ ይደርሳል፣ ገጠራችን ከጭካኔ የጸዳ ነው ማለታችን አይደለም። ሚስቱን የሚደበድብ ባል ቤት እሪታ ሲሰማ «የባልና ሚስት ነገር ነው» ብሎ ወደ መኝታው የሚመለስ ጎረቤት በየቀበሌው አለ። ያም መብራት ማጥፋት ነው። ልዩነቱ ልማዳችን ለደራሽነት ስምና ሥርዓት ሰጥቶት ነበር በሚለው ነው።

ከሥርዓቶቹ አንዱ አውጫጭኝ ነው፤ አፈርሳታም ይባላል። ሰው ተገድሎ ወይም ንብረት ተሰርቆ አድራጊው ሳይታወቅ ሲቀር የአካባቢው ነዋሪ በአንድ ቦታ ይሰበሰብ ነበር። የቀረ ይቀጣል። ተሰብሳቢው እየማለ ያየውንና የሰማውን ይናገራል፤ ወንጀለኛው እስኪወጣ ድረስም ከሥራውና ከቤቱ ተለይቶ ይቆያል። የሥርዓቱ ጉድለት ብዙ ነበር። ለቂመኛ መበቀያ፣ ለባለሥልጣን መቀጫ ሆኖ ያገለገለበት ጊዜ አለ፤ ድኻውንም ከእርሻው ያስተጓጉለው ነበር። መሠረተ ሐሳቡ ግን ይህ ነው፦ ገዳዩ ራሱን በስሙ ካላሳወቀ ማኅበረሰቡ ሊሰይመው ኃላፊነት አለበት፤ እስኪሰይመውም ድረስ ሁሉም ተጠያቂ ነው።

እንግዲህ ሁለቱን ልማዶች አብረን ስናያቸው አንድ ሥርዓት እናገኛለን። በፉከራ ገዳዩ ራሱን ይሰይማል። በአውጫጭኝ ማኅበረሰቡ ይሰይመዋል። ከተሰየመ በኋላም ጉዳዩ ይቀጥላል፦ ድሮ ለሟች ወገን ተላልፎ ይሰጣል፣ ወይም ሽማግሌ ገብቶ የደም ካሳ ተከፍሎ እርቅ ይወርዳል። ስም ከሌለ ግን ካሣም እርቅም የለም፤ የሚያስታርቁት ሰው አልተገኘምና። የ«ሃሎዊን» ዓለም ሁለቱም የጎደሉት ዓለም ነው። ገዳዩ አይናገርም፤ ጎረቤቱ አይወጣም። ፊልሙ የሚያበቃውም በዚሁ ነው። ገዳዩ ከወደቀበት ከጠፋ በኋላ ካሜራው ቀኑን ሙሉ ያየናቸውን ባዶ ክፍሎች፣ ደረጃዎችና ቤቶች እየተራ ያሳያል፤ ትንፋሹ ግን በሁሉም ላይ ይሰማል። አውጫጭኝ ያልተቀመጠበት አገር እንዲህ ነው፤ ገዳዩ አንድ ቤት ስላልተገኘ በሁሉም ቤት አለ።

6. ቂምና ልክፍት

የመንዝ ተመልካች ፊልሙን ሲያይ መጀመሪያ የሚጠይቀው «ምን አድርገውት ነው?» የሚለውን ይሆናል። ጥያቄው የቂም ጥያቄ ነው። ቂም አድራሻ አለው፤ ታሪክ አለው፤ አያት ያቆየውን የልጅ ልጅ ይመልሰዋል። ቂመኛ ክፉ ሊሆን ይችላል፤ ግን የማይገባ ሰው አይደለም። ማይክል ማየርስ ግን ቂም የለውም። ለእሱ የሚስማማው ቃል ልክፍት ነው። ልክፍት በምክንያት አይመጣም፤ ሰውን ምንጭ ላይ ወይም ጥላ ሥር አግኝቶ ይይዘዋል። የተለከፈውን ሰው ደግሞ የሚጠይቁት «ማን በደለህ?» ብለው ሳይሆን «ምን ነካህ?» ብለው ነው።

ፊልም ሠሪዎቹ ራሳቸው በዚህ ነጥብ ላይ ጸንተው አልቆሙም። እ.ኤ.አ. በ1981 የወጣው ሁለተኛው ክፍል ሎሪ የማየርስ ታናሽ እኅት ሆና እንድትገኝ አደረገ። በአንድ ጊዜ ልክፍቱ ወደ ቤተሰብ ጉዳይ ተለወጠ፤ ገዳዩ የሚያድነው ዘመዶቹን ሆነ። ለተመልካች ምክንያት መስጠት መልካም ይመስላል፤ ግን ፊልሙ የቆመበትን ምሰሶ ነቀለው። ምክንያት ያለው ገዳይ ሌሎቻችንን አይመለከትም፤ የዚያ ቤተሰብ አባል ስላልሆንን በሰላም እንተኛለን። እ.ኤ.አ. በ2018 የተሠራው ክፍል ይህን የዝምድና ታሪክ ሰርዞ ወደ መጀመሪያው ፊልም መመለሱ፣ ስሕተቱ አርባ ዓመት ሊሞላው ሲል እንኳ እንደታወቀ ያሳያል።

7. መርፌዋ

አሜሪካዊቷ ሃያሲ ካሮል ክሎቨር እ.ኤ.አ. በ1992 ባሳተመችው መጽሐፍ፣ በዚህ ዘርፍ ፊልሞች መጨረሻ ላይ በሕይወት የምትተርፈዋን ልጃገረድ እንደ ቋሚ ገጸ ባሕርይ አጥንታታለች። ከጓደኞቿ ይልቅ ጠንቃቃ ናት፤ የሚያዩትን ታያለች፤ በመጨረሻም ራሷ ትዋጋለች። ሎሪ ስትሮድ የዚህ ገጸ ባሕርይ ዋና ምሳሌ ናት። ለጄሚ ሊ ከርቲስ የመጀመሪያ ፊልሟ ነበር፤ እናቷ ጃኔት ሊ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1960 አልፍሬድ ሂችኮክ በሠራው «ሳይኮ» ውስጥ በመታጠቢያ ቤት በቢላዋ የተገደለችውን ሴት የተወነችው ናት። እናት የሞተችበትን ዘርፍ ልጅ ተረፈችበት።

የክሎቨርን ሐሳብ ተቀብለን አንድ ነገር እንጨምር። ሎሪ የምትዋጋው በምንድን ነው? በመጀመሪያ በሹራብ መሥሪያ መርፌ ነው፤ ቀጥሎ በልብስ መስቀያ ሽቦ፤ ከዚያ እሱ በጣለው ቢላዋ። የመጀመሪያዎቹ ሁለቱ የቤት ውስጥ ሥራ ዕቃዎች ናቸው። በእኛ የጀግንነት ሥነ ቃል ውስጥ የሚወደሱት ጦር፣ ጎራዴና ጠመንጃ ናቸው፤ ሁሉም የወንድ መሣሪያ ናቸው። እንዝርት በፉከራ ውስጥ ከተነሳ ፈሪን ለመስደብ ነው። የበግ ሱፍ ሲፈትሉ ለሚያድሩት የመንዝ ሴቶች ልጆች ግን ሎሪ ያነሳችው መርፌ እንግዳ መሣሪያ አይሆንም። ተረቶቻችንም ይህን ያውቁታል። ጭራቅ ቤት የገባችው ልጅ የምትድነው በጉልበት ሳይሆን በብልሃት፣ በእጇ ባለው የቤት ዕቃ ነው። ስለዚህ ሎሪ የፉከራ ዘመድ ሳትሆን የተረት ዘመድ ናት። ገድላም አትፎክርም፤ ጥግ ይዛ ታለቅሳለች።

8. ሌላው ድኻ ፊልም

ንጽጽሩ ከሥነ ቃል ብቻ እንዳይሆን አንድ የአገራችንን ፊልም እናምጣ። የኃይሌ ገሪማ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» እ.ኤ.አ. በ1976 ለሕዝብ ቀረበ። ይህም በጥቂት ገንዘብ፣ በአጭር የቀረጻ ጊዜ፣ በ16 ሚሊሜትር ጥቁርና ነጭ ፊልም የተሠራ ነው። በዚህ ፊልም ከበበ የሚባል፣ መሬቱን የተነጠቀና ሰው እንደ እብድ የሚቆጥረው ገጸ ባሕርይ አለ። ከበበም ልቡ በአንድ ነገር የተያዘ ሰው ነው፤ በመጨረሻም ባላባቱን በዱላ ደብድቦ ይገድላል፤ ራሱንም ያጠፋል።

ሁለቱ ገዳዮች በሁሉም ነገር ተቃራኒ ናቸው። ማየርስ ዝም ይላል፤ ከበበ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ይናገራል። ማየርስ ፊቱን ይሸፍናል፤ ከበበ በቀን ብርሃን በአደባባይ ይቆማል። ማየርስን ሐኪሙ ክፉ ይለዋል እንጂ እብድነቱን እንኳ አይቀበልለትም፤ ከበበን ሁሉም እብድ ይለዋል፣ ተመልካቹ ግን በፊልሙ ውስጥ እውነቱን የሚናገረው እሱ መሆኑን ይረዳል። ከበበ አድራሻ ያለው ገዳይ ነው፤ ለማን፣ ስለምን እንደሚገድል ያውቃል። ስለዚህም የሱ ግድያ አያስፈራም፤ ያሳዝናል። በ«ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» የሚያስፈራው ገዳዩ ሳይሆን በርዕሱ ላይ የተቆጠረው ዘመን ነው።

ድህነታቸውንም የተጠቀሙበት በተለያየ መንገድ ነው። ካርፔንተር ርካሽ ጭምብል ገዝቶ ባዶነትን ፈጠረ። ኃይሌ ገሪማ ጭምብል አላስፈለገውም፤ የገበሬዎቹን እውነተኛ ፊት አግኝቶ ካሜራውን ረዘም አድርጎ አሳረፈበት። አንዱ ፊትን በመደበቅ፣ ሌላው ፊትን በመግለጥ ገንዘብ የማይገዛውን አገኙ።

ይህ ንጽጽር የ«ሃሎዊን»ንም ትልቁን ድክመት ያጋልጣል። ፊልሙ የአእምሮ ሕመምን ከክፋት ጋር አንድ አድርጎ ያቀርባል። ሐኪሙ ራሱ ሕመምተኛውን ለማከም ከሞከረ በኋላ ተቆልፎበት እንዲኖር የደከመ መሆኑን ሲናገር ተመልካቹ እንዲስማማ ይፈለጋል። በአገራችን የታመመ ዘመዱን በሰንሰለት አስሮ የሚያኖር ቤተሰብ ባለበት ሁኔታ ይህ ቀላል ጉዳት አይደለም። ሁለተኛው ነቀፋ፣ በፍቅር የተጫወቱት ወጣቶች ሞተው የተቆጠበችው መትረፏ ነው። ካርፔንተር ይህ ቅጣት እንዲሆን አላሰብኩም ቢልም ተከታዮቹ እንደ ሕግ ይዘውት ዘርፉን አደከሙት።

9. ማጠቃለያ

ከላይ ለማሳየት እንደተሞከረው «ሃሎዊን» ስለ አንድ ገዳይ የሚተርክ ፊልም ብቻ ሳይሆን ገዳዩን ስም ጠርቶ ማቆም ስላቃተው ማኅበረሰብም የሚተርክ ነው። አሜሪካዊው ተመልካች ጭምብሉን ፈርቶ ይሆናል። የእኛ ተመልካች ግን በጠፋው መብራት ላይ ቢደነግጥ፣ ፊልሙን ከተሠራበት አገር ሰው አሳንሶ አላየውም።

ከዚህ ንጽጽር አንድ የማይመች ጥያቄም ይተርፈናል። ስሙን የሚናገር ገዳይ ከማይናገረው ይሻላል ወይ? ፉከራ ገዳዩን ተጠያቂ ያደርገዋል ብለናል፤ ነገር ግን ያው ፉከራ መግደልን ያስመኛል። በ2014 ዓ.ም. ጦርነት እስከ ሰሜን ሸዋ ዘልቆ በየደጃፉ ካለፈ ወዲህ፣ የመንዝና የይፋት ሰው ይህን ጥያቄ እንደ ቲዎሪ ብቻ አያየውም። ጭምብል የለበሰው ገዳይ ማንም እሱን ልሁን ብሎ እንዳይመኝ ሆኖ የተሣለ ነው፤ ጎፈር የደፋውን ግን ልጅ ሁሉ ይመኘዋል። የአማርኛ ሥነ ቃል ጥናት «ገዳይ» የሚለውን ቃል ሲሰበስብና ሲተነትን ከቃሉ ውበት ጋር የሟቹንም ስም መጠየቅ ይኖርበታል። በፉከራ ውስጥ የገዳዩ አባት፣ የገዳዩ አገር፣ የገዳዩ ፈረስ ይጠራሉ። «አቤት» የሚልበት ዕድል ያላገኘው ሟቹ ነው።